ስሙ ተዛወረ፣ ብሮውዘሩ ግን አሮጌው ቤት ይሄዳል

ጋሼ ወደ ስክሪኑ ጠጋ አሉና ጣታቸውን ገጹ ግርጌ ላይ አሳረፉ። «የኔ ልጅ፣ ይሄ እኮ የድሮው ስልክ ነው» አሉኝ።

ሐዋሳ ፒያሳ፣ ከአንድ የጽሕፈት መሣሪያ መደብር በላይ ያለች ክፍል ተከራይቼ ድረ ገጽ እሠራለሁ። ጋሼ ሐይቁ ዳር፣ ከአሞራ ገደል ብዙም ሳይርቅ፣ ፔንሲዮን አላቸው። የፔንሲዮኑን ድረ ገጽ ከአሮጌው ሰርቨር ወደ አዲስ እያዛወርኩላቸው ነበር፤ ፍቼ ጨምበላላ ደርሶ እንግዳ ከመብዛቱ በፊት እንዲያልቅ ፈልገዋል። አዲሱ ገጽ ከነአዲሱ ስልክ ቁጥር አዲሱ ሰርቨር ላይ ተቀምጧል። ለሕዝብ ከመክፈቴ በፊት እሳቸው ብቻ እንዲያዩት ብዬ፣ የኮምፒውተሬን ሆስትስ ፋይል፣ ማለትም የትኛው ስም ወደ የትኛው የሰርቨር ቁጥር እንደሚሄድ የሚጻፍበትን ትንሽ ፋይል፣ አርሜ ስሙ ወደ አዲሱ ሰርቨር እንዲያመለክት አደረግሁ። ክሮም ግን የሚያሳየን አሮጌውን ነው። ኤፍ5 ተጫንኩ። ኮንትሮል ይዤ ኤፍ5 ተጫንኩ። ሂስትሪውን ሙልጭ አድርጌ አጠፋሁት። የድሮው ስልክ ከቦታው ንቅንቅ አላለም። ጋሼ ሰው ቀጥረው ስለነበር «በይ ነገ ብቅ እላለሁ» ብለው ወረዱ።

ያን ቀን ከ9 ሰዓት እስከ ማታ 1 ሰዓት የደከምኩበትን ነገር ነው የምጽፈው። ሌላው ሰው በ5 ደቂቃ እንዲጨርሰው እፈልጋለሁ። ትእዛዞቹን በፊደላችን እንደሚነበቡ አድርጌ ነው የማስቀምጣቸው፤ ስትተይቧቸው በላቲን ፊደል ነው፣ ሌላ ካላልኩ በስተቀር ሁሉም በትንንሹ።

መልሱን የያዘው ማን ነው?

ሥራው ሁሉ ያለው እዚህ ጥያቄ ውስጥ ነው። ብሮውዘር የድረ ገጽ ስም ሲጻፍለት ተነስቶ ኢንተርኔት አይጠይቅም። መጀመሪያ የራሱን ማስታወሻ ያያል። እዚያ ካጣ ኦፐሬቲንግ ሲስተሙን ይጠይቃል፤ ኦፐሬቲንግ ሲስተሙም ሆስትስ ፋይሉንና የራሱን ካሽ (ለጊዜው ያስቀመጣቸውን መልሶች) ያገላብጣል። ከዚያ ነው ጥያቄው ወደ ራውተሩ፣ ከራውተሩም ወደ አገልግሎት ሰጪው ዲኤንኤስ ሰርቨር፣ ማለትም ስምን ወደ ቁጥር ወደሚተረጉመው ሰርቨር፣ የሚወጣው። በየደረጃው ያለው ሁሉ ያገኘውን መልስ ለተወሰነ ጊዜ ይዞ ያቆያል። ያ ጊዜ ቲቲኤል ይባላል፣ የሚለካውም በሰከንድ ነው፤ 86400 ማለት ሙሉ 24 ሰዓት፣ 300 ማለት 5 ደቂቃ። «እንዲህ የሚባል ስም የለም» የሚለው መልስም እንደዚሁ ይቀመጣል። ስለዚህ ስሙን ሳትፈጥሩት ቀድማችሁ ብሮውዘር ላይ ከሞከራችሁት፣ ከፈጠራችሁት በኋላም ለጥቂት ጊዜ «የለም» ሊላችሁ ይችላል።

ሆስትስ ፋይል ከዲኤንኤስ በዕድሜ ይበልጣል። ፖል ሞካፔትሪስ ዲኤንኤስን በ1983 እስኪያወጣው ድረስ የአርፓኔት (የኢንተርኔት ቀዳሚ የነበረው አውታር) ኮምፒውተሮች ስምና ቁጥር የሚገኘው ስታንፎርድ የምርምር ተቋም በሚያዘጋጀው አንድ የጽሑፍ ፋይል ውስጥ ነበር፤ ሁሉም ያንን ፋይል እየቀዳ ወደ ራሱ ማሽን ይወስድ ነበር። የዛሬው ሆስትስ ፋይል የዚያ ርዝራዥ ነው። እስከ ዛሬም በተለመደው አሠራር ከዲኤንኤስ ሰርቨሩ በፊት የሚታየው እሱ ነው። ለእኛ ሥራ የሚጠቅመንም በዚህ ምክንያት ነው።

ከነዚህ ሁሉ ሌላ፣ እኔን 4 ሰዓት ያስፈጀኝ ካሽ ያልሆነ ነገር አለ፦ የተከፈተ ግንኙነት። ከሰው ጋር በስልክ እያወራችሁ ሳለ የሰውየው ቁጥር በስልክ ማውጫችሁ ላይ ቢቀየር ወሬው አይቋረጥም፤ መስመሩ ተይዟልና። ብሮውዘርም እንደዚያ ነው። ከአሮጌው ሰርቨር ጋር የከፈተው መስመር ካልተዘጋ፣ ለዚያው ስም አዲስ ገጽ ሲጠየቅ በያዘው መስመር ይልካል እንጂ አድራሻውን እንደገና አይጠይቅም። የዲኤንኤስ ካሹን መቶ ጊዜ ብታጠፉ ለዚህ ምንም አይፈይድም።

ከሥር ወደ ላይ

ቅደም ተከተሉን አታዛቡ። ላይኛውን አጥፍታችሁ ታችኛውን ብትተዉ፣ ላይኛው ወዲያው ከታችኛው አሮጌውን መልሶ ይቀዳል።

ሆስትስ ፋይሉ በዊንዶውስ የሚገኘው ሲ ድራይቭ ውስጥ፣ ዊንዶውስ በሚለው ፎልደር፣ ከዚያ ሲስተም32፣ ከዚያ ድራይቨርስ፣ ከዚያ ኢቲሲ ሥር ነው። በሊኑክስና በማክ በቀጥታ ኢቲሲ ሥር ነው። ዊንዶውስ ላይ ኖትፓድን በቀኝ ክሊክ «ራን አዝ አድሚኒስትሬተር» ብላችሁ ክፈቱት፣ ካልሆነ ሴቭ አያደርግላችሁም። ፋይሉን ከኖትፓድ ውስጥ ስትፈልጉት ደግሞ ከታች «ኦል ፋይልስ» የሚለውን ካልመረጣችሁ አይታያችሁም። አዲስ መስመር ላይ መጀመሪያ የሰርቨሩን ቁጥር ጻፉ፣ ለምሳሌ 203.0.113.20፣ ክፍት ቦታ ተዉ፣ ከዚያ ስሙን። ኤችቲቲፒ የሚለውንና ስላሾቹን አትጨምሩ። በደብሊው ደብሊው ደብሊው የሚጀምረውና ያለሱ የሚጻፈው ለኮምፒውተሩ ሁለት የተለያዩ ስሞች ስለሆኑ ሁለቱንም አስገቡ። መስመሩ መጀመሪያ ላይ # ካለ መስመሩ እንደሌለ ነው የሚቆጠረው።

አብሮኝ የሚሠራው ልጅ አንድ ቀን ይህን ሁሉ በትክክል አድርጎ አልሠራ አለው። ፎልደሩን ከፍተን ስናይ ሁለት ሆስትስ አለ፤ አንደኛው መጨረሻው ላይ ቲኤክስቲ የሚል ቅጥያ ተለጥፎበታል። ኖትፓድ ጨምሮበት ነው። ዊንዶውስ ቅጥያን ደብቆ ስለሚያሳይ ሁለቱ ፋይሎች በዓይን አንድ ይመስላሉ፤ ከፋይል ኤክስፕሎረር ላይ የፋይል ቅጥያ እንዲታይ አድርጋችሁ አረጋግጡ።

ቀጥሎ ኮማንድ ፕሮምፕት ክፈቱና አይፒኮንፊግ ብላችሁ፣ ክፍት ቦታ ትታችሁ፣ ስላሽ ፍላሽዲኤንኤስ ጻፉ፤ ስላሹና ቃሉ ተያይዘው ነው የሚጻፉት። ኡቡንቱ ላይ ሱዱ፣ ሪዞልቭሲቲኤል፣ ከዚያ ፍላሽ ሰረዝ ካሽስ ነው። ማክ ላይ ሁለት ትእዛዝ ነው፦ ሱዱ፣ ዲኤስካሽዩቲል፣ ሰረዝ ፍላሽካሽ፤ ቀጥሎ ሱዱ፣ ኪልኦል፣ ሰረዝ ኤችዩፒ፣ ኤምዲኤንኤስሪስፖንደር። በማኩ ሁለተኛ ትእዛዝ ላይ ኤችዩፒ በትልልቁ ፊደል ነው፤ በመጨረሻው ቃል ደግሞ ኤም ትንሽ ሆና ዲኤንኤስ እና የሪስፖንደር መጀመሪያ አር ትልልቅ ይሆናሉ።

አሁን ብሮውዘሩን ሳትነኩ ኮምፒውተሩን ራሱን ጠይቁት። ፒንግ ብላችሁ ስሙን ጻፉ። ሰርቨሩ ለፒንግ መልስ ላይሰጥ ይችላል፣ ብዙዎቹ ይዘጉታል፤ እናንተ የምትፈልጉት የመጀመሪያው መስመር ላይ የሚወጣውን ቁጥር ነው። አዲሱ ቁጥር ከሆነ ከብሮውዘሩ በታች ያለው ሁሉ ጸድቷል፣ የቀረው ጥፋት ብሮውዘሩ ውስጥ ነው። እባካችሁ ለዚህ ፍተሻ ኤንኤስሉክአፕን አትጠቀሙ። ኤንኤስሉክአፕ ሆስትስ ፋይልን ጨርሶ አያይም፣ በቀጥታ የዲኤንኤስ ሰርቨሩን ነው የሚጠይቀው። ፋይላችሁ ትክክል ሆኖ ሳለ አሮጌውን ቁጥር ያሳያችሁና ደህናውን ፋይል ደጋግማችሁ ስታፈርሱ ትውላላችሁ። እኔ የመጀመሪያውን አንድ ሰዓት ያጠፋሁት እዚህ ላይ ነው።

ክሮም

አድራሻ መጻፊያው ላይ ክሮም፣ ሁለት ነጥብ፣ ሁለት ስላሽ፣ ኔት ሰረዝ ኢንተርናልስ ጻፉና ግቡ። ኤጅ ላይ ክሮም በሚለው ፋንታ ኤጅ በሉ፤ ሁለቱም የተሠሩት ክሮሚየም በሚባል አንድ መሠረት ላይ ስለሆነ ውስጡ አንድ ነው። በግራ በኩል ዲኤንኤስ የሚለውን መርጣችሁ «ክሊር ሆስት ካሽ» የሚለውን ተጫኑ። ከዚያ እዚያው ገጽ ላይ ሶኬትስ (የተከፈቱት መስመሮች) የሚለውን ምረጡና «ፍላሽ ሶኬት ፑልስ» በሉት። ብዙ ሰው የመጀመሪያውን አድርጎ ሁለተኛውን ሳያደርግ ይወጣል። መስመሩን የሚቆርጠው ሁለተኛው ነው። ሲጫኑት ምንም መልእክት አይወጣም፣ ስክሪኑም አይለወጥም፤ አልሠራም ብላችሁ እንዳትተዉት። በዚያ ሰዓት እየተጫነ ያለ ሌላ ገጽ ወይም ዳውንሎድ ካለ ሊቋረጥ ስለሚችል አስቀድማችሁ ጨርሱ።

የእኔን ጉድ ያገኘሁት ማታ፣ መብራቱ ሁለት ጊዜ ሄዶ ከመጣ በኋላ ነው። ላፕቶፑ በባትሪ ስለሚሠራ ክሮም አልተዘጋም። ከተከፈቱት ታቦች መጨረሻ፣ ከሌሎቹ ኋላ፣ የጋሼ የድሮ የክፍል ማስያዣ ገጽ ከጠዋት ጀምሮ ተከፍቶ ተቀምጧል። ያ ገጽ ላይ ስንት ክፍል ክፍት እንዳለ በየ20 ሰከንዱ ሰርቨሩን የሚጠይቅ ኮድ አለ፤ የጻፍኩት እኔ ነኝ። አሮጌው ሰርቨር ላይ ገጹን የሚያድለው ፕሮግራም ኤንጂንኤክስ ነው፤ ኤንጂንኤክስ ሌላ ካልታዘዘ በቀር ሥራ የፈታ መስመርን የሚዘጋው ከ75 ሰከንድ በኋላ ነው። ከኋላ ያለ ታብ ቢዘገይ ቢዘገይ በደቂቃ አንዴ ይጠይቃል። 75 ሰከንዱ ሳይሞላ ጥያቄ ይደርሰዋል፣ መስመሩ ሥራ ፈትቶ አያውቅም፣ ስለዚህም ሥራ ፈቷል ተብሎ አይዘጋም። ከፊት ያለው ታብ ስሙን ሲጠራ ክሮም ያን የተከፈተ መስመር አንስቶ ይሰጠዋል። መብራቱ ሲሄድ ዋይፋዩ ስለሚቋረጥ መስመሩም ይቆረጣል፤ እኔ ግን በዚያ መሃል ተስፋ ቆርጬ ሆስትስ ፋይሉን ወደ ድሮው መልሼው ነበርና መብራቱ ሲመጣ እንደገና ከአሮጌው ጋር ተገናኘ። ታቡን ዘጋሁት፣ ፋይሉን መልሼ አረምኩ፣ ሶኬቶቹን አጸዳሁ፣ ገጹን ጠራሁት። አዲሱ ስልክ ቁጥር ወጣ።

«ክሮምን ዘግቶ መክፈት አይቀልም?» የሚል ይኖራል። ይቀል ነበር፣ ግን ዊንዶውስ ላይ መስኮቱን መዝጋት ክሮምን መዝጋት ላይሆን ይችላል፤ ከጀርባ እንዲቆይ የሚያደርግ ማስተካከያ አለውና ሰዓቱ አጠገብ ባሉት ትንንሽ ምልክቶች መሃል ቁጭ ብሎ ታገኙታላችሁ። ከምር እንዲዘጋ ከፈለጋችሁ አድራሻው ላይ ክሮም፣ ሁለት ነጥብ፣ ሁለት ስላሽ፣ ሪስታርት ብላችሁ ግቡ። ታቦቻችሁን ራሱ መልሶ ይከፍታቸዋል።

ፋየርፎክስ

እዚህ አባውት፣ ሁለት ነጥብ፣ ኔትወርኪንግ ነው። ዲኤንኤስ የሚለው ክፍል ውስጥ ካሹን የሚያጸዳ ቁልፍ አለ። መስመሮቹን ለመቁረጥ ፋይል ከሚለው ዝርዝር «ወርክ ኦፍላይን» አድርጋችሁ መልሱት፤ ዝርዝሩ ካልታያችሁ ኦልት ተጫኑ። እንደ እኔ በየሳምንቱ ሰርቨር የምታዛውሩ ከሆነ ለዚህ ሥራ ብቻ የተለየ ፕሮፋይል ክፈቱና አባውት፣ ሁለት ነጥብ፣ ኮንፊግ ውስጥ ኔትወርክ፣ ነጥብ፣ ዲኤንኤስካሽኤክስፓይሬሽን የሚለውን ፈልጋችሁ 0 አድርጉት፤ በዚህኛው ስም የካሽ ሲ እና የኤክስፓይሬሽን ኢ ትልልቅ ናቸው። ሳትነኩት በፊት 60 ሰከንድ ነው። በየቀኑ የምትጠቀሙበት ፕሮፋይል ላይ ግን አታድርጉት፣ የሐዋሳ ኢንተርኔት በደከመ ሰዓት ስምን ደጋግሞ መጠየቅ ገጹን ሁሉ ያዘገየዋል።

በዓይን አታምኑ

ገጹ አዲስ መሰለ ማለት ከአዲሱ ሰርቨር መጣ ማለት አይደለም። ኤፍ12 ተጫኑ፣ ኔትወርክ የሚለውን ክፍል ምረጡ፣ ገጹን እንደገና ጫኑት፣ ከሚመጣው ዝርዝር የመጀመሪያውን ክሊክ አድርጉ። ሄደርስ ሥር «ሪሞት አድሬስ» የሚል መስመር ላይ የሰርቨሩ ቁጥር ይታያል። ከሱ ወዲያ ክርክር የለም። እኔ ከዚያ ቀን ወዲህ አዲሱ ሰርቨር ላይ ካለው ገጽ ግርጌ አንዲት የተለየች ቃል አስገባለሁ፣ ዝውውሩ ሲያልቅ አወጣታለሁ።

ቁጥሩ ትክክል ሆኖ ገጹ አሮጌ ከሆነ ጉዳዩ የዲኤንኤስ አይደለም፣ የገጽ ካሽ ነው። ኤፍ12 ተከፍቶ ሳለ «ዲሴብል ካሽ» የምትለዋን ሳጥን ምልክት አድርጉባት። በተለይ 301 የሚባለውን ቋሚ ማዘዋወር ብሮውዘር ለረጅም ጊዜ ስለሚያስታውሰው ሰርቨሩን ሳይጠይቅ ወደ ድሮው አድራሻ ይወስዳችኋል።

ለውጡን ያደረጋችሁት ሆስትስ ፋይል ላይ ሳይሆን ራውተር ወይም የቢሮ ዲኤንኤስ ሰርቨር ላይ ከሆነ ሌላ እንቅፋት አለ። ብሮውዘሩ «ሴኪዩር ዲኤንኤስ» በሚለው ማስተካከያ የክላውድፍሌርን ወይም የጉግልን ዲኤንኤስ ሰርቨር በቀጥታ እንዲጠይቅ ከተደረገ ራውተራችሁን አልፎ ነው የሚሄደው፤ እናንተ ቤት ውስጥ ያወጣችሁትን ስም ውጭ ያለው አያውቀውም። አንድሮይድ 9 እና ከዚያ በኋላ የመጡት ስልኮችም ይህንኑ የሚያደርግ «ፕራይቬት ዲኤንኤስ» የሚባል ማስተካከያ አላቸው። ቪፒኤን ወይም ፕሮክሲ ካለም ለሙከራው አጥፉት።

ለቤት ውስጥ ሙከራ ስም ስታወጡ መጨረሻውን ዴቭ አታድርጉት። የጉግል ነው፣ ብሮውዘሮችም ያለ ኤችቲቲፒኤስ (የተመሰጠረ ግንኙነት) አይከፍቱትም። ሎካል የሚለውም ለሌላ ሥራ፣ አታሚዎችና መሰል ዕቃዎች እርስ በርስ ለሚፈላለጉበት መንገድ የተያዘ ነው። ቴስት የሚለው ግን ከ1999 ጀምሮ ለሙከራ ተብሎ የተተወ ስለሆነ ማንም አይወስድባችሁም።

ሰርተፊኬትንም፣ ማለትም ድረ ገጹ እውነተኛ መሆኑን ለብሮውዘር የሚያረጋግጠውን ፋይል፣ አስቀድማችሁ አስቡ። ሌትስ ኢንክሪፕት የሚባለው ሰርተፊኬት ሰጪ በተለመደው መንገድ ሰርተፊኬት የሚሰጠው ስሙ በይፋ ወደ ሰርቨሩ ሲያመለክት ነው፤ የእናንተ ሆስትስ ፋይል ለሱ አይታየውም። ስለዚህ አሮጌው ሰርቨር ላይ ያለውን ሰርተፊኬት ከነቁልፉ ወደ አዲሱ ቅዱት፣ ወይም ዲኤንኤስ ላይ ጽሑፍ በማስገባት በሚረጋገጠው መንገድ አዲስ አውጡ። ይህን ካላደረጋችሁ ደንበኛው ፊት ቀይ ማስጠንቀቂያ ይወጣል፤ ጋሼን ለመሰለ ሰው ያ «ድረ ገጼ ተሰረቀ» ማለት ነው።

ይፋ ሲሆን

ጋሼ በማግስቱ መጥተው ገጹን ከላይ እስከ ታች አዩት፣ የአንዱን ክፍል ፎቶ አስቀየሩኝ፣ «ክፈችው» አሉኝ። ቲቲኤሉን ከ2 ቀን በፊት ከ86400 ወደ 300 አውርጄው ነበር፤ ይህ ዝውውሩ በሚደረግበት ሰዓት ቢደረግ ጥቅም የለውም፣ ሰው ሁሉ አሮጌውን 24 ሰዓት ይዞታልና። የዲኤንኤስ መዝገቡን ቀየርኩ። ወዲያው ሆስትስ ፋይሉን ከፍቼ ያስገባኋቸውን ሁለት መስመሮች አጠፋሁ፣ ካሹንና ሶኬቶቹን እንደገና አጸዳሁ። እነዚያን መስመሮች መርሳት ከሁሉም የከፋ ነው፤ ከወራት በኋላ ሰርቨሩ ሌላ ቦታ ሲሄድ ድረ ገጹ ለሰው ሁሉ እየሠራ ለእናንተ ብቻ ይጠፋል፣ ወይም ለሰው ሁሉ ጠፍቶ ለእናንተ ብቻ ይሠራል።

ከዚያ የጋሼን ስልክ ተቀበልኩና ዋይፋዩን አጠፋሁት፣ ዳታ ከፈትኩ። 6 ደቂቃ ያህል ጠብቀን ድረ ገጹን በዚያ ጠራነው። ጋሼ ግርጌው ላይ ያለውን ቁጥር በአውራ ጣታቸው ነኩት፤ ስልኩ መደወል ጀመረ፣ እንግዳ መቀበያው ላይ ያለችው ልጅም አነሳችው።